ለእያንዳንዱ ቁስ የራሱ የኃይል አሻራ፦ ይህ ልብወለዳዊ ሳይንስ በምን ሕግ ሊቆም ይችላል?

ጥያቄ፦ ከ«ቀለምና_ቁስ»

ጤና ይስጥልኝ። እየጻፍኩት ያለሁት ልብወለድ የቆመው ራሴ በፈጠርኩት አንድ ሳይንስ ላይ ነው። በዚያ ዓለም የሚኖሩ ሊቃውንት ማናቸውም ቁስ፣ ድንጋይም ይሁን ውሃ፣ ብረትም ይሁን ሥጋ፣ ከሌላው ሁሉ ተለይቶ የሚታወቅበት የራሱ የኃይል አሻራ እንዳለው ደርሰውበታል፤ ዘርፉንም «ሥነ አሻራ» ብለውታል። ዋጋ ያለው ዕቃ ሁሉ አሻራው ተለክቶ በአንድ ታላቅ መዝገብ ላይ ይሰፍራል፤ የባለቤትነት ክርክር ሲነሣ ዳኞች ከምስክር ቃል ይልቅ የሚያምኑት መዝገቡን ነው። ዋናዋ ገጸ ባሕሪ አሻራ ለኪ ናት። ታሪኩ የሚጀምረው ተገናኝተው የማያውቁ ሁለት የብረት ቁራጮች አንድ ዓይነት አሻራ ሰጥተው ስታገኝ ነው።

ሳይንሱ ፈጠራ መሆኑን አንባቢ ያውቃል፤ ይህ አያሳስበኝም። የሚያሳስበኝ ፈጠራው ሕግ አልባ እንዳይሆን ነው። «ሁሉም ነገር ኃይል ነው፣ ኃይልም ሁሉ ይርገበገባል» የሚለው በየቦታው የሚነገር ጥቅል አነጋገር ደራሲውን ከማሰብ ይገላግለዋል እንጂ ለታሪኩ የሚያዋጣው ነገር የለም። ስለዚህ እውነተኛውን ፊዚክስ የምታውቁ ሰዎች እንድትረዱኝ የምጠይቀው ይህን ነው፦ እንዲህ ያለ አሻራ ከምናውቀው ተፈጥሮ ጋር የሚስማማው እስከ የት ድረስ ነው፣ የሚጣላውስ በየትኛው ነጥብ ላይ ነው? ቁሱ ሲሰበር፣ ሲቀልጥ ወይም ሲቃጠል አሻራው ምን ይሆናል? ሁለት ነገሮች አንድ አሻራ ሊኖራቸው የሚችልበት አሳማኝ ምክንያትስ ይኖራል?

መልስ፦ ከ«ኅብረ_ብርሃን»

ሐሳብዎ ከሚገምቱት በላይ ለእውነታው ቅርብ ነው፤ ሁለቱ የሚለያዩት በአንድ ነጥብ ላይ ብቻ ነው፣ ነጥቡ ግን ትልቅ ነው። በቅርበቱ ልጀምር።

በአቶም ውስጥ ያሉ ኤሌክትሮኖች የፈለጉትን ያህል ኃይል መያዝ አይችሉም፤ የተፈቀዱላቸው የተወሰኑ ደረጃዎች ብቻ ናቸው። ከላይኛው ደረጃ ወደ ታችኛው ሲወርዱ በሁለቱ መካከል ያለውን ልዩነት በብርሃን መልክ ይለቃሉ፣ የብርሃኑም ቀለም በልዩነቱ መጠን ይወሰናል። የደረጃዎቹ አቀማመጥ በየንጥረ ነገሩ ስለሚለያይ፣ ብርሃኑ በፕሪዝም ሲዘረጋ የሚታዩት የቀለም መስመሮች የንጥረ ነገሩን ማንነት ያሳውቃሉ። ሃይድሮጂን በዓይን በሚታየው ክልል ውስጥ በ656፣ በ486፣ በ434 እና በ410 ናኖሜትር (የሜትር ቢሊዮንኛ፤ የብርሃን ሞገድ ርዝመት መለኪያ) ገደማ አራት መስመሮችን ይሰጣል፤ ሶዲየም ደግሞ በ589.0 እና በ589.6 ናኖሜትር ላይ እጅግ የተቀራረቡ ሁለት ቢጫ መስመሮች አሉት። ጆሴፍ ፍራውንሆፈር እ.ኤ.አ. በ1814 የፀሐይን ብርሃን በፕሪዝም ዘርግቶ ከ500 በላይ ጥቋቁር መስመሮችን መዝግቧል፤ ምንነታቸው ግን በጊዜው አልታወቀም ነበር። ትርጉማቸውን የፈቱት ጉስታቭ ኪርክሆፍና ሮበርት ቡንሰን ናቸው። እነዚሁ ሁለት ሰዎች እ.ኤ.አ. በ1860 ከማዕድን ውሃ ባወጡት ዝቃጭ ውስጥ ከየትኛውም የታወቀ ንጥረ ነገር ጋር የማይገጥሙ ሰማያዊ መስመሮችን አይተው ሲዚየምን አገኙ፤ በዓመቱም ሩቢዲየም በቀይ መስመሮቹ ታወቀ። አንድ ንጥረ ነገር ማንም ሳይጨብጠው በአሻራው ብቻ መኖሩ መረጋገጡን ሳስብ፣ የእርስዎ ሊቃውንት የሚሰማቸውን ደስታ ለመጻፍ ሩቅ መሄድ እንደማያስፈልግዎ ይታየኛል።

ልዩነቱ እነሆ። እነዚህ አሻራዎች የዓይነት እንጂ የግለሰብ አይደሉም። በሩቅ ኮከብ ላይ ያለ የሃይድሮጂን አቶምና በቤተ ሙከራ ብልቃጥ ውስጥ ያለ የሃይድሮጂን አቶም ሁኔታቸው አንድ ከሆነ አሻራቸውም አንድ ነው፤ ይህም የመሣሪያ ድክመት ሳይሆን የተፈጥሮ ጠባይ ነው። ቮልፍጋንግ ፓውሊ እ.ኤ.አ. በ1925 ያስቀመጠው ክልከላ፣ በአንድ አቶም ውስጥ ሁለት ኤሌክትሮኖች በሁሉም ረገድ አንድ ዓይነት የሆነ ሁኔታ ሊይዙ አይችሉም ይላል። ክልከላው የሚሠራው ኤሌክትሮኖች ሁሉ ፍጹም ተመሳሳይ በመሆናቸው ነው። እያንዳንዱ ኤሌክትሮን የግል ምልክት ቢኖረው ኖሮ ክልከላው ባልያዘው ነበር፤ ሁሉም ወደ ዝቅተኛው ደረጃ ይወርዱ ነበር፤ ኬሚስትሪ የምንለው የንጥረ ነገሮች የጠባይ ልዩነትም እንዳለ ይጠፋ ነበር። በሌላ አነጋገር፣ ለእያንዳንዱ ቅንጣት ስም የሚሰጥ ሕግ ካወጡ ስም የሚያወጡለት ዕቃ አይተርፍዎትም።

ሁለተኛ ማስረጃ ከጋዝ ይገኛል። በመሐሉ በግድግዳ የተከፈለ ሳጥን ያስቡ፤ በሁለቱም በኩል በእኩል ሙቀትና ግፊት አንድ ዓይነት ጋዝ አለ። ግድግዳው ቢነሣ ምንም የሚለካ ለውጥ አይመጣም። ጋዞቹ የተለያዩ ከሆኑ ግን በመቀላቀላቸው ኢንትሮፒው፣ ማለትም የዝብርቅርቁ መጠን፣ ይጨምራል። ዊላርድ ጊብስ በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት ይህን ጉዳይ ያነሣው፣ ተመሳሳይ አቶሞችን አንድ በአንድ ለይተን እንደምናውቃቸው አድርገን ብንቆጥር ስሌቱ የሌለ ጭማሪ ያሳየናል በሚል ነው። አቶሞች ድብቅ መለያ ቢኖራቸው ኖሮ ተራ የሙቀት ልኬት ያጋልጠው ነበር።

ታዲያ የግለሰብ ማንነት የት ይቀመጥ? በቅንጣቱ ሳይሆን በአደራደሩ ውስጥ ያስቀምጡት። አንድ ኪዩቢክ ሴንቲሜትር ብረት ከ84 ሺህ ቢሊዮን ቢሊዮን በላይ አቶሞችን ይይዛል። ብረቱ ሲቀዘቅዝ የተፈጠሩት ጥቃቅን ክሪስታሎች በየት በኩል እንደተዋሰኑ፣ ባዕድ አቶሞች የት የት እንደተሰገሰጉ፣ ከአራቱ የብረት አይሶቶፖች (ንጥረ ነገራቸው አንድ ሆኖ በክብደት የሚለያዩ የአቶም ዓይነቶች) የትኛው በየትኛው ቦታ እንደወደቀ ቢቆጠር ሁለት ቁራጮች በሁሉም ይገጥማሉ ማለት ፈጽሞ የማይታሰብ ነው። አቶሞቹ ሁሉ ስም የለሽ ሆነው ድርድራቸው ግን አይደገምም። ይህም ፈጠራ አይደለም፤ የወረቀት ገጽ በሌዘር ሲታይ የቃጫዎቹ ዝብርቅርቅ እያንዳንዱን ወረቀት ከሌላው ለመለየት እንደሚበቃ እ.ኤ.አ. በ2005 በታተመ ጥናት ታይቷል። የእርስዎ ፈጠራ የሚሆነው ይህን ድርድር ዕቃው ሳይቆረጥ ከነሙሉ ጥልቀቱ በአንድ ጊዜ የሚያነብ መሣሪያ መኖሩ ነው። እኔ ብሆን ከተፈጥሮ ሕግ የምበደረው ይህችን አንዲት ነገር ብቻ ነው።

መልስ፦ ከ«የቤተ_ሙከራ_ሰው»

ከላይ በተሰጠው መልስ እስማማለሁ። እኔ የምጨምረው ስለ ልኬቱ ነው፤ ምክንያቱም ገጸ ባሕሪዎ ለኪ ከሆነች ቀኑን ሙሉ የምትታገለው ከአሻራው ጋር ሳይሆን አሻራውን ከሚሸፍነው ነገር ጋር ነው።

የጋማ ጨረር (ከአቶም አስኳል የሚወጣ ብርቱ ጨረር) መለኪያ ፊት ተቀምጦ የሚታየውን ልግለጽልዎ። በስክሪኑ ላይ አግድም የኃይል መጠን፣ ሽቅብ የተቆጠሩት ጨረሮች ብዛት ይታያል። መጀመሪያ ላይ ነጠብጣቦቹ የተበታተኑ ናቸው፤ ቀስ በቀስ ግን ከወለሉ ላይ ጉብታዎች ብቅ ማለት ይጀምራሉ። በ662 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት (የጨረር ኃይል መለኪያ) ላይ አንድ ጉብታ ከወጣ ሲዚየም 137 አለ ማለት ነው፤ በ1173 እና በ1332 ላይ ጥንድ ሆነው ከወጡ ኮባልት 60 ነው። ለመለካት ያስቀመጡት ነገር ምንም ይሁን ምን በ1461 አካባቢ የምትወጣ አንዲት ጉብታ ግን ሁልጊዜ አለች፤ እርስዋም በግድግዳው፣ በወለሉና በለኪው ሰውነት ውስጥ ካለው ፖታሲየም 40 የምትመጣ ናት። ስለዚህ መሣሪያው በወፍራም እርሳስ ይከበባል፤ ባዶው ክፍል ለብቻው ይለካና ከውጤቱ ላይ ይቀነሳል። በእሳት ነበልባል የሚደረገው ምርመራም እንዲሁ ነው፤ የፕላቲኒየም ሽቦ በጣት ከተነካ ከላቡ የሚቀረው ጥቂት ጨው ነበልባሉን ቢጫ አድርጎ የሚፈለገውን ቀለም ሁሉ ይሸፍነዋል። የእርስዎ ለኪም የራስዋን አሻራ ከምትለካው ዕቃ አሻራ ላይ መቀነስ የምትማርበት ምዕራፍ ቢኖር ለሥራው የሚገባ ክብር የሰጡት ይመስለኛል።

ሌላው ነገር አሻራ ከቦታና ከሁኔታ ነፃ አለመሆኑ ነው። ሙቀት ሲጨምር አቶሞች ይፈጥናሉ፣ መስመሮቹም ይሰፋሉ። መግነጢሳዊ መስክ አንዱን መስመር ለብዙ ይከፍለዋል። ከፍታም ሳይቀር ይነካዋል፦ ሮበርት ፓውንድና ግሌን ሬብካ ከብረት 57 የሚወጣውን የ14.4 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት ጋማ ጨረር በ22.5 ሜትር ቁመት ልዩነት ለክተው፣ በመሬት ስበት ምክንያት ድግግሞሹ ከሚሊዮን ቢሊዮን ሁለት ተኩል እጅ ያህል እንደሚለወጥ እ.ኤ.አ. በ1960 አሳይተዋል። ስለዚህ መዝገብዎ አሻራውን ብቻ ቢያሰፍር አይበቃም፤ በስንት ዲግሪ፣ በየትኛው ፎቅ፣ በምን ያህል መስክ ውስጥ እንደተለካ አብሮ ካልጻፈ ያው ዕቃ በሌላ ቀን ሌላ ዕቃ ሆኖ ይገኛል። ተከራካሪ ወገን ለጠበቃው ከዚህ የተሻለ መግቢያ ቀዳዳ አያገኝም።

ስለ ሁለቱ የብረት ቁራጮች ደግሞ ስሌት ልስጥዎ። የትኛውም መሣሪያ የማየት ወሰን አለው፤ ከወሰኑ በታች ያለ ልዩነት ለእርሱ የለም። መሣሪያው በአጋጣሚ ሁለት የተለያዩ ነገሮችን አንድ ናቸው የሚልበት ዕድል ከቢሊዮን አንድ ብቻ ነው እንበል። ይህ እጅግ አስተማማኝ ይመስላል። ነገር ግን በመዝገቡ ላይ አንድ ሚሊዮን ዕቃዎች ካሉ እርስ በርስ የሚነጻጸሩት ጥንዶች 500 ቢሊዮን ያህል ናቸው፤ ስለዚህ 500 የሚሆኑ የሐሰት ግጥጥሞሾች በመዝገቡ ውስጥ ተኝተዋል ማለት ነው። ገጸ ባሕሪዎ ያገኘችው አንዱን ነው። ምንም ሴራ ሳይኖር፣ ማንም ሳይዋሽ፣ ከመዝገቡ መጠን የተነሣ ብቻ የሚመጣ ነገር ነው፤ ለእኔ ከተንኮል ይልቅ የሚያስደነግጠኝ ይህ ነው፤ ምክንያቱም በመዝገቡ ተፈርዶባቸው የነበሩ ሰዎች ሁሉ ጉዳይ እንደገና ይነሣል።

መልስ፦ ከ«ሰማይ_ተመልካች»

አጭር ነገር ልጨምር። አሻራን ያለ ሁኔታው ማንበብ የሌለ ንጥረ ነገር ሊያስፈጥር ይችላል፤ በሥነ ፈለክ ታሪክ ሁለት ጊዜ ሆኗል። ዊልያም ሃጊንስ እ.ኤ.አ. በ1864 በአንድ ኔቡላ (በሕዋ ያለ የጋዝ ደመና) ውስጥ ያያቸው አረንጓዴ መስመሮች ከታወቁት ንጥረ ነገሮች ከአንዱም ጋር ስላልገጠሙ «ኔቡሊየም» የሚባል አዲስ ንጥረ ነገር እንዳለ ይታሰብ ጀመር። እ.ኤ.አ. በ1869 የፀሐይ ግርዶሽ ጊዜ በፀሐይ ኮሮና፣ ማለትም በውጭኛው ከባቢዋ፣ ውስጥ በታየው የ530.3 ናኖሜትር አረንጓዴ መስመር ምክንያት ደግሞ «ኮሮኒየም» ተባለ። ሁለቱም አልነበሩም። አይራ ቦወን እ.ኤ.አ. በ1927 እንዳሳየው የኔቡላው መስመሮች ሁለት ኤሌክትሮኖቹን ያጣ ተራ ኦክሲጅን ናቸው፤ በምድር ላይ ያልታዩትም እዚህ ባለው የአቶሞች መጨናነቅ አቶሙ ብርሃኑን ከመልቀቁ በፊት ከሌላ ጋር ስለሚጋጭ ነው። የኮሮናውም መስመር 13 ኤሌክትሮኖች የተገፈፉበት ብረት ሆኖ ተገኘ፤ በዚህም ኮሮና ከሚሊዮን ዲግሪ በላይ የሚሞቅ መሆኑ ታወቀ።

በአንጻሩ እ.ኤ.አ. በ1868 ግርዶሽ በታየው የ587.6 ናኖሜትር ቢጫ መስመር መነሻነት የታሰበው ሂሊየም እውነተኛ ነበር፤ ዊልያም ራምሴ እ.ኤ.አ. በ1895 ከዩራኒየም ማዕድን ውስጥ በምድር ላይ አገኘው። ሦስቱንም ያሰቡት ሰዎች የተጠቀሙበት አመክንዮ አንድ ነው፤ አንዱ ትክክል ሆነ፣ ሁለቱ ሳይሆኑ ቀሩ። የእርስዎ ሊቃውንት ይህን ዓይነት ክርክር ለትውልድ ቢከራከሩ የሚያስደንቅ አይሆንም። በነገራችን ላይ የእርስዎም ቁስ ብረት ስለሆነ፣ አንድ ንጥረ ነገር በሁለት ሁኔታ ሁለት ገጽ ሊያሳይ እንደሚችል የኮሮናው ብረት ጥሩ ምስክር ነው።

ከጠያቂው «ቀለምና_ቁስ»

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ማንነቱን ከቅንጣት ወደ ድርድር ማዛወሩን ያለ ማመንታት ተቀብያለሁ፤ የጥንዶቹም ስሌት የታሪኩን መሐል ለውጦታል። ሁለት ነገሮች ግን ይቀሩኛል። የመጀመሪያው መሰበርና መቅለጥ ነው፤ ሌባ የሰረቀውን ብረት ቢያቀልጠው መዝገቡ ከንቱ ይሆናል ማለት ነው? ሁለተኛው ማስመሰል ነው፤ ድርድሩን አቶም በአቶም የሚገለብጥ ባለሙያ ቢነሣ ለኪዋ በምን ትለየዋለች?

መልስ፦ ከ«ኅብረ_ብርሃን»

አሻራ አንድ ወጥ ነገር ነው ብለው ካላሰቡ የመጀመሪያው ጥያቄ ራሱን ይፈታል። በጥልቀት የሚለያዩ ንብርብሮች አሉት። ከሁሉም በታች የዓይነት አሻራ አለ፦ ብረት ብረት መሆኑ። ይህን እሳት አይነካውም፤ የሚለውጠው የኒውክለስ ለውጥ ብቻ ነው። ከእርሱ በላይ የምንጭ አሻራ አለ፤ ማዕድኑ ከየት እንደተቆፈረና በምን መንገድ እንደተጣራ የሚናገሩት የባዕድ ንጥረ ነገሮች መጠንና የአይሶቶፖች ምጣኔ ናቸው። አርኪዮሎጂስቶች ጥንታዊ የብረታ ብረት ዕቃዎችን ማዕድናቸው ከተቆፈረበት ሥፍራ ጋር ለማገናኘት የእርሳስ አይሶቶፖችን የሚለኩት በዚህ ምክንያት ነው። ከሁሉም በላይ ያለው ድርድሩ፣ የግለሰቡ አሻራ ነው።

ሌባው ብረቱን ሲያቀልጥ የሚጠፋው ይህ የላይኛው ብቻ ነው። ክሪስታሎቹ ይፈርሳሉ፤ ሲቀዘቅዙ የሚሠሩት አዲስ ድርድር ከቀድሞው ጋር ዝምድና የለውም። የምንጩ አሻራ ግን በአብዛኛው ይቆያል፤ ቀላጩ ከሌላ ብረት ጋር ካልደባለቀው በስተቀር። ስለዚህ ለኪዋ «ይህ ያ ዕቃ ነው» ማለት ባትችልም «ያ ዕቃ ከተሠራበት ማዕድን የተሠራ ነው» ልትል ትችላለች። በእነዚህ ሁለት ዐረፍተ ነገሮች መካከል ያለውን ርቀት ዳኛው ካልተረዳው ንጹሕ ሰው ይቀጣል፤ እኔ ታሪኩ ሊያርፍበት የሚገባው ቦታ ይህ ነው ብዬ አምናለሁ።

መሰበር ከዚህ ይለያል። ሁለቱ ስባሪዎች የውስጥ ድርድራቸው እንዳለ ነው፤ ያጡት በስብራቱ መስመር ላይ የነበረውን ብቻ ነው፤ በዚያም መስመር አንዱ የሌላውን ግልባጭ ይይዛል። ይህም ማለት የአንድ ስባሪ አሻራ በመዝገቡ ላይ ካለው የሙሉው ዕቃ አሻራ ጋር በከፊል ይገጥማል። መዝገቡ ከስንት እጅ በላይ ሲገጥም «ያው ነው» እንደሚል ገደብ ማስቀመጥ ግድ ይሆንበታል። ገደቡ ዝቅ ካለ የሐሰት ግጥጥሞሽ ይበዛል፤ ከፍ ካለ ትንሽ የዛገ ወይም የተጫረ ዕቃ ከባለቤቱ ይነጠቃል። ሕያው አካልንም ለመመዝገብ ካሰቡ ችግሩ ይብሳል፤ ምክንያቱም የሰውነት አቶሞች በመብል፣ በመጠጥና በትንፋሽ ዘወትር ስለሚለዋወጡ የሚቀጥለው ቅርጹ እንጂ ቁሱ አይደለም። ሥጋን ከመዝገቡ ቢያወጡት ይሻላል፤ ወይም ሕጉ ለሰው የሚሠራው እንደ ወንዝ መለኪያ ነው፣ ዛሬ ያለውን ብቻ ይናገራል ይበሉ።

መልስ፦ ከ«ድርሰት_አንባቢ»

ማስመሰልን በተመለከተ ተፈጥሮ ራስዋ የሰጠችን አንድ ከልካይ ሕግ አለ። የማይታወቅን የኳንተም ሁኔታ (የቅንጣቶችን ረቂቅ አኳኋን) ፍጹም አድርጎ መቅዳት እንደማይቻል እ.ኤ.አ. በ1982 በሒሳብ ተረጋግጧል፤ ከዚህም ጋር አብሮ የሚሄደው ሐቅ እንዲህ ያለውን ሁኔታ በአንድ ልኬት ሙሉ በሙሉ ማንበብ እንደማይቻልና ልኬቱ ራሱ እንደሚያውከው ነው። የአቶሞችን አቀማመጥ ብቻ የሚያነብ መሣሪያ ከዚህ ሕግ ውጭ ነው፤ አቀማመጥ ሊቀዳ ይችላል፣ የሚከለክለው የሥራው ብዛት ብቻ ነው። አሻራው የኳንተም ሁኔታን የሚያካትት ከሆነ ግን ማንም አይቀዳውም፤ ዋጋው ደግሞ እያንዳንዱ ንባብ አሻራውን መቀየሩ ነው። በዚህ ዓለም የተመዘገበ ዕቃ በተመረመረ ቁጥር ማንነቱ በጥቂቱ ይሸረሸራል። ብዙ የተከራከሩበት ዕቃ በመጨረሻ ማንም ሊያረጋግጠው የማይችል ዕቃ ይሆናል።

ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ይኖርብዎታል። ሁለቱን ጥቅሞች ማለትም የማይቀዳና ያለ ጉዳት የሚነበብ አሻራን በአንድ ላይ የሚሰጥ ሳይንስ ለገጸ ባሕሪያትዎ የሚታገሉለትን ነገር አያስቀርላቸውም፤ አንባቢም ያለ ዋጋ የተገኘ ኃይል ሲያይ ፍላጎቱ ይቀዘቅዛል።

የለኪዋን ነገር በተመለከተ እ.ኤ.አ. በ1903 የሆነውን እንዲያጠኑ እመክራለሁ። ረኔ ብሎንድሎ የተባለ የተከበረ ፈረንሳዊ የፊዚክስ ሊቅ «ኤን ጨረር» የሚባል ከብዙ ነገሮች የሚወጣ አዲስ ጨረር ማግኘቱን አስታወቀ፤ በርካታ ተመራማሪዎችም አየነው አሉ። የጨረሩ መኖር የሚታወቀው በጨለማ ክፍል ውስጥ የደበዘዘ ብርሃን ጥቂት ሲደምቅ በዓይን በማየት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1904 አሜሪካዊው ሮበርት ውድ ቤተ ሙከራውን ሲጎበኝ በጨለማው ውስጥ ለሙከራው እጅግ አስፈላጊ የሆነውን ፕሪዝም ማንም ሳያይ አነሣው፤ ተመልካቾቹ ግን እንደ ቀድሞው ልኬቱን መናገር ቀጠሉ። እነዚያ ሰዎች አልዋሹም፤ ሊያዩ የጠበቁትን ነው ያዩት። ስለዚህ የእርስዎ ለኪ ሁለቱን ቁራጮች በስም ሳይሆን በምስጢር ቁጥር ተለጥፎባቸው፣ የትኛው የትኛው እንደሆነ ሳታውቅ፣ ከሌሎች ምንም የማይገናኙ ቁራጮች ጋር ተቀላቅለው ልትለካቸው ይገባል። ያንን ትዕይንት በዝርዝር ይጻፉት። ቁጥሮቹ የተጻፉበት ወረቀት ሲገለጥ የሚሰማት ነገር ከየትኛውም የፈጠራ መሣሪያ በላይ አንባቢን ይይዛል።

ከጠያቂው «ቀለምና_ቁስ»

ምርጫዬን አድርጌያለሁ፤ አሻራው በንባብ የሚሸረሸር ይሆናል። የሁለቱ ብረቶች ግጥጥሞሽም ከመዝገቡ ስፋት የመጣ ነው፤ ለኪዋ ይህን የምታረጋግጠው ሁለቱን ቁራጮች ከመዝገቡ ወሰን በላይ በጠራ ልኬት እንደገና በመለካት ነው። የመጨረሻ ጥያቄዬ እንግዲህ ስለዚህ ልኬት ነው፦ አሥር እጥፍ የጠራ ውጤት ለማግኘት ምን ያስፈልጋታል? አዲስ መሣሪያ እንድትሠራ አልፈልግም።

መልስ፦ ከ«የቤተ_ሙከራ_ሰው»

አዲስ መሣሪያ አያስፈልጋትም። የሚያስፈልጋት ቅዝቃዜና ጊዜ ነው። ቅዝቃዜው የአቶሞቹን እንቅስቃሴ ቀንሶ መስመሮቹን ያጠብባቸዋል፤ ስለዚህ ቁራጮቹ በፈሳሽ ሂሊየም ሙቀት፣ ማለትም ከዜሮ በታች 269 ዲግሪ ሴልሺየስ ላይ ይቀመጡ።

ጊዜውን በተመለከተ ሕጉ ጥብቅ ነው። ጨረርን ወይም የብርሃን ቅንጣትን የሚቆጥር ማንኛውም መሣሪያ የሚሳሳትበት መጠን የቆጠረው ብዛት ስኩዌር ሩት ነው። 10,000 ቢቆጥር ስሕተቱ 100 ያህል፣ ማለትም ከመቶ አንድ እጅ ነው። ስሕተቱን ወደ ሺህ አንድ እጅ ለማውረድ 1,000,000 መቁጠር አለበት። አሥር እጥፍ ጥራት መቶ እጥፍ ጊዜ ይጠይቃል። የመጀመሪያው ልኬት አንድ ሰዓት ፈጅቶ ከነበረ ይህኛው ከአራት ቀን በላይ ይወስዳል፤ እርስዎ በመረጡት ሕግ ደግሞ በእነዚያ ሰዓታት ሁሉ ሁለቱም ብረቶች እየተሸረሸሩ ነው። ለኪዋ ልዩነቱ ከመታየቱ በፊት አሻራው እንዳያልቅባት መቼ ማቆም እንዳለባት አስቀድማ መወሰን አለባት፤ ውሳኔዋንም ቆጠራው ከመጀመሩ በፊት በጽሑፍ ታስቀምጥ። ጉብታዎቹ መለያየት የጀመሩ ሲመስላት ቆጠራውን ብታቋርጥ፣ ያቆመችው የፈለገችውን ስላየች ነው የሚለውን ክስ የምትመልስበት ማስረጃ አይኖራትም።